ዘንቪል ምን ብሎ መለሰ?

«ኢሰር የሞተበት ቤት ይሄ ነው?»

ድምፁ የመጣው ከደጃፉ ነው። ሳሎኑ ውስጥ የነበረው ለቀስተኛ ግን ወደ በሩ አልዞረም። ሁሉም ኢሰርን ነበር ያየው። ኢሰር ለሐዘንተኛ በምትቀመጥ አጭር በርጩማ ላይ፣ ጫማውን አውልቆ፣ ሸሚዙ ለሐዘን ደረቱ ላይ እንደተቀደደ ኩርምት ብሎ ተቀምጧል። በእጁ የሻይ ብርጭቆ ይዟል።

ጠያቂው ቁምጣ የለበሰ፣ ጸጉሩ የተንጨባረረ ጎልማሳ ነው። ለቅሶ ቤት በሩ አይዘጋምና ሳያንኳኳ ነው የገባው። «ታች ግድግዳው ላይ የለጠፋችሁት ማስታወቂያ የሌላ ሰው ስም ነው ያለበት፤ ቤቱ ተሳስቶብኝ ከሆነ…» ብሎ ሳይጨርስ ዓይኑ በርጩማዋ ላይ ዐረፈ። አፉን እንደከፈተ ቀረ። ወደ ኋላ ሲያፈገፍግ ጀርባው ከበሩ መቃን ጋር ተላተመ።

«አትደንግጥ፣ ሙት አይደለም» አለችው ብራይንዴ፣ የሟቹ ሚስት፣ ከጎን ካለችው በርጩማ ሳትነሣ። «የሞተው ባሌ ዘንቪል ነው። ይሄ ታናሽ ወንድሙ ኢሰር ነው። ከልጅነታቸው ጀምሮ ሰው ሲያምታቱ ነው የኖሩት።»

«እንዴት ይሆናል? ኢሰር እኮ እኔ ጋ ነበር የሚሠራው። ፊልሜ ላይ! እጄ ላይ ነው የሞተው!»

እንዲህ ያለው ዮራም ነው፤ የፊልሙ አዘጋጅ። እዚሁ አገር ተወልዶ ያደገ፣ ትልቁንም ትንሹንም «አንተ» የሚል፣ አባቶቹ የሳቁበትን ቋንቋ ከሩቁ እንጂ ከቅርቡ የማያውቅ ልጅ ነው። እኛ የትያትር ሰዎች ከአውሮፓ ይዘነው በመጣነው በዪዲሽ ቋንቋ ስንጫወተው የኖርነውን አሮጌ ኮሜዲ፣ አንዱን ሙሽራ ለሁለት ቤት የሚሸጠውን የጋብቻ ደላላ ታሪክ፣ በዘፈንና በጭፈራ ሞልቶ የዕብራይስጥ ፊልም አደረገው። ደላላውን እንዲሠራለት የቀጠረው ዘንቪልን ነው። ዘንቪልም የመጨረሻውን የሠርግ ጭፈራ ጨፍሮ፣ በርሜል ላይ ቁጭ ብሎ ውኃ ስጡኝ አለ፤ ውኃው ሳይደርስለት ሞተ።

«ኢሰር እባላለሁ አለህ?» አለች ብራይንዴ። ፊቷ ላይ የመጀመሪያዋ ፈገግታ ብልጭ ብላ ጠፋች። «የሱ ነገር! እስከ መጨረሻው መቀለዱን አልተወም።»

ለቀስተኛው ቀለል አለው። ጥጉ ላይ የተቀመጠችው ማላ፣ ድሮ ሙሽራዋን ትጫወት የነበረችው፣ ወደ ጎረቤቷ ጆሮ ጠጋ ብላ «ቁርጥ እሱን እኮ ነው፤ እኔም ስገባ ልቤ ቀጥ ብላ ነበር» አለች። በሹክሹክታ ማለቷ ነበር፤ ግን አርባ ዓመት ለመጨረሻው ረድፍ ስትናገር የኖረች ሴት ናትና ሁሉም ሰማ።

ዮራም ወንበር ተሰጥቶት ተቀመጠ። ሐዘንተኛው ሳይናገር እንግዳ አይናገርም የሚለውን ልማድ ስለማያውቅ ወዲያው ወሬውን ጀመረ። ፊልሙ አልቋል። የቀረው የተዋንያኑ ስም መጻፍ ነው። ስም ጻፊው ከለቅሶው ማብቂያ በላይ አይቆይለትም።

«እና ማን ብዬ ላስጽፍ? እሱ ‹ኢሰር ላምፔርት› በሉ፣ በትልቁ ጻፉት ብሎ አስምሎኛል። እንደዚያ ምን አስጨነቀህ ብለው ምን አለኝ መሰላችሁ? ‹ብዙ ዓይን ያለው አንድ ወዳጅ አለኝ፣ ፊልሙን ማየቱ አይቀርም፤ እንዳይሳሳት ብዬ ነው› አለኝ።»

የኢሰር ብርጭቆ ከእጁ አመለጠ። ሻዩ ምንጣፉ ላይ ፈሰሰ። ማላ ጨርቅ ፍለጋ ስትሮጥ፣ ብራይንዴ ዓይኗን ከዋርሳዋ ላይ ሳትነቅል «ምን ማለቱ ነው?» አለች።

«እኔ ምን ዐውቃለሁ» አለ ኢሰር። 

ያውቃል እንጂ። ብዙ ዓይን ያለው ማን እንደሆነ እኛ ዘንድ ሕፃን ልጅም ያውቃል። መልአከ ሞት ከራሱ እስከ እግሩ ዓይን ብቻ ነው፤ ያም ሆኖ አንዱን ሰው ከሌላው ሳይለይ ይሳሳታል ይባላል። ስለዚህ ነው ልጃችንን በሕይወት ባለ ዘመድ ስም የማንጠራው፤ አንዱን ሊወስድ መጥቶ ሌላውን እንዳይዝ። ስለዚህ ነው ታማሚ ሲጠናበት ዐሥር ሰው ተሰብስቦ ስሙን የሚቀይርለት፤ በድሮ ስሙ ተጽፎ የመጣው ትእዛዝ ባለቤቱን እንዲያጣ። ስምን መልአክ ያወጣዋል ቢባልም፣ እኛ መልአኩን የምንሸውደው በዚያው በስም ነው።

ባለፈው የብርድ ወራት የኢሰር ልብ ደከመ። ሐኪሞቹ ብራይንዴን ወደ ኮሪደሩ ወስደው አነጋገሯት። በዚያው ቀን ዘንቪል፣ ከሠርግና ከቀብር በቀር ምኩራብ ረግጦ የማያውቀው ዘንቪል፣ ኮፍያውን አዘንብሎ ሆስፒታል ገባ። አልጋው ላይ ጎንበስ አለና አፉን ከወንድሙ ጆሮ ጋር አገናኘ።

«ስማኝ፤ ከዛሬ ጀምሮ ኢሰር አይደለህም። ኢሰር ብሎ የሚጠራህ ቢኖር እንዳትመልስ። ዘንቪል ነህ። አሁን ምኩራብ ሄጄ አስለውጬልህ መጣሁ።»

«አንተስ?» አለ ኢሰር፣ አፉ ላይ የተጫነውን ጭምብል በጣቱ ገፋ አድርጎ።

«እኔማ ያንተን ወሰድኩት። ደህና ስም ሜዳ ላይ ይወድቃል እንዴ? የትያትራችን ሁለተኛ ክፍል ላይ ሙሽራዋ ራሷ ማን ማን እንደሆነ አልለየችም። ያ ዓይናም ከሷ ይበልጣል?» ብሎ ሳቀ። ኢሰርም ሊስቅ ሞክሮ ሳል ቀደመው።

ኢሰር ዳነ። ቤት ገባ፣ ሾርባ ጠጣ፣ ደረጃ መውጣት ጀመረ። አንዳንዴ በስሙ ሲጠሩት ስለማይመልስ ጎረቤቶቹ ጆሮው ደከመ አሉ። ዘንቪል ግን፣ ጤነኛው ሰው፣ በዚህ አገር በጋ በሆነው በሐምሌ ሙቀት ሲጨፍር ውሎ በርሜል ላይ ቀረ። አልሸሹም ዞር አሉ ማለት ይሄ ነው። ለኢሰር የመጣው ሞት ኢሰር የሚባል ሰው ፈልጎ አገኘና ሄደ።

ኢሰርን የሚያስፈራው ግን የሄደው አልነበረም። የሚመለሰው ነው። ደረጃው ላይ ኮቴ በተሰማ ቁጥር ትንፋሹን ይይዛል፤ ኮቴው ደጃፉን አልፎ ወደ ላይኛው ፎቅ ሲወጣ ይተነፍሳል። በሩን ባገኘው አጋጣሚ ይዘጋዋል፤ ብራይንዴ ተነሥታ ትከፍተዋለች። «ነፋስ ይሆናላ» ይላታል። «ቴል አቪቭ ውስጥ በሐምሌ ነፋስ ካገኘህ ለኔም አንድ ኪሎ ግዛልኝ» ትለዋለች።

መስኮቱ ላይ ለነፍስ የተቀመጠች አንድ ብርጭቆ ውኃ ነበረች። ነፍስ ለቅሶው የሚቆይባቸውን ሰባት ቀናት ከመቃብሩ ወደ ቤቱ፣ ከቤቱ ወደ መቃብሩ ትመላለሳለችና ሲጠማት እንድትጠጣ ነው። ውኃው በየቀኑ ይጎድላል። ሙቀቱ ነው ብሎ ለራሱ ይነግረዋል፤ ግን ፊቱን ወደዚያ አያዞርም። መስተዋቶቹ ሁሉ እንደ ለቅሶ ቤት ልማድ በአንሶላ ተሸፍነዋል፤ የተዋናይ ቤት ነውና ብዙ ናቸው። እሱም ለኢሰር ተመቸው፤ ራሱን ባየ ቁጥር የሚያየው ዘንቪልን ነው።

በማግስቱ ለአመሻሹ ጸሎት ረብ ጌትስል ቀደም ብሎ መጣ። የምኩራቡ አገልጋይ ነው፣ ስም የለወጠው እሱ፣ ሙታን የሚያጥበውና የሚቀብረውም እሱ። ኢሰር ክንዱን ይዞ ወደ ወጥ ቤት ወሰደው። ጠረጴዛው ላይ ጎረቤት ያመጣችው የተቀቀለ እንቁላልና ምስር ነበር፤ ክብ ምግብ ለሐዘንተኛ ነው። ማንም አልነካውም።

«ረብ ጌትስል፤ ሰው ሲቀበር መልአክ መጥቶ ስሙን ይጠይቀዋል የሚሉት ነገር እውነት ነው?»

«እንዴታ! አፈሩ ተመልሶ ሰው ዘወር ሲል ይመጣል። ‹ስምህ ማነው?› ይለዋል። ኃጥእ ከሆነ ከድንጋጤ የተነሣ ስሙ ይጠፋዋል። ስለዚህ አይደል ልጆቻችንን ስማቸው እንዳይጠፋቸው በስማቸው ፊደል የሚጀምር ጥቅስ የምናስጠናቸው።»

«ዘንቪል ጥቅስ አጥንቶ አያውቅም። ዘንቪል ምንም ነገር አጥንቶ አያውቅም።»

ለረብ ጌትስል አሁን ገባው። እጁን ወደ ጺሙ ሰደደ።

«ምን ብሎ የመለሰ ይመስልሃል?» አለ ኢሰር። «ንገረኝ። ኢሰር ካለ፣ አለቀ፤ እኔን የሚፈልገኝ የለም። ግን ወንድሜ እስከ ትንሣኤ ሙታን በኔ ስም ሊተኛ ነው። ዘንቪል ካለ ደግሞ፣ እዚያ መዝገቡን ያገላብጣሉ። መልአከ ሞትን ‹የተላክኸው ለሌላ ነው፣ ማንን ነው ያመጣኸው?› ይሉታል። ያም ዓይናም ተመልሶ ይመጣል።»

«እኔ እኮ ያንተን ነው የለወጥኩት!» አለ ረብ ጌትስል ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ በር በሩን እያየ። «ስንት ስም ሞልቶ! ‹አልተር› በለው ያርጅ፣ ‹ኻይም› በለው ይኑር፣ አልኩት። ‹የኔን ስጠው› አለኝ። በሕያው ሰው ስም አይሆንም ብለው ‹እኔ እለቅለታለሁ› ብሎ ሳቀብኝ። ቀልድ መስሎኝ ለቀቅኩት። ሰዎቹ ደግሞ ጸሎቱ ዘገየብን እያሉ ያጣድፉኛል…»

«መቃብሩ ላይስ? ቆመህ ‹ዘንቪል› ብለህ ጠራኸው። በጆሮዬ ሰማሁህ።»

«ታዲያ ማን ልበል? ቀብሩ ላይ ያለው ሰው ሁሉ እያየ፣ አንተ አጠገቤ ቆመህ፣ ‹ኢሰር ሆይ በሰላም ዕረፍ› ልበል? እዚያው በደነገጥክ ነበር የምትሞተው!»

 ከሳሎን የማላ ሹክሹክታ ይሰማል። ኢሰር ልቡ ውስጥ ያለውን ለረብ ጌትስል አልነገረውም። ዘንቪል «ኢሰር» ብሎ መልሶ እንዲሆን በየሰዓቱ ይመኝ ነበር። ወንድሙ ያለ ስሙ እንዲቀር መመኘቱ ነው። ያፍርበታል፤ ግን መመኘቱን አልተወም።

ከምኞቱም በላይ ያስፈራው ሌላ ነበር። ዘንቪል በሕይወቱ አንድም ቃል በራሱ አስታውሶ ተናግሮ አያውቅም።

ኢሰር አስታዋሽ ነበር። ከመድረኩ ፊት ወለሉ ተቆርጦ የተሠራች ጠባብ ሣጥን አለች፤ ተመልካች አያያትም። አስታዋሹ እዚያ ውስጥ ተቀምጦ፣ ተዋናዩ ከመናገሩ አንድ እፍታ ቀድሞ፣ ቃሉን በሹክሹክታ ያቀብለዋል። ኢሰር በሮማንያ ከተሞች፣ በፖላንድ ከተሞች፣ በኋላም ከዓለም ጦርነቱ የተረፉት በተሰበሰቡባቸው መጋዘኖች፣ መጨረሻም እዚህ፣ በዚያች ሣጥን ውስጥ ሆኖ ዘንቪልን ከእግሩ ጀምሮ ሲያየው ኖረ። ዘንቪል «መሸምደድ የበቀቀን ሥራ ነው» ይላል። ዓይኑን ወደ ታች ጣል ያደርጋል፣ ቃሉን ያነሣል፣ ወደ ሕዝቡ ይወረውራል፤ አዳራሹ በሳቅ ይናጋል።

አንድ ምሽት ኢሰር ሣጥኑ ውስጥ አቧራ ገብቶበት አስነጠሰው። ዘንቪልም ሳያመነታ አስነጠሰ። ሕዝቡ ከወንበሩ እስኪወድቅ ሳቀ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ደላላው ሁለተኛው ክፍል ላይ ማስነጠስ ግዴታው ሆነ፤ ሌሎች የትያትር ጓዶችም ወሰዱት። የተጻፈ ነገር መስሏቸው ምክንያቱን የሚተነትኑ ተቺዎች ነበሩ።

ደግ ብቻ ነበር ማለት አይቻልም። ዘንቪል ሲጨበጨብለት አንድም ቀን ወደ ሣጥኗ አመልክቶ አያውቅም። ከሣጥኗ አቧራውን አራግፎ የወጣውን ወንድሙን ለእንግዶች ሲያስተዋውቅ «ይሄ ከሥሬ የሚኖረው ተከራዬ ነው» ይል ነበር። ኢሰር ይከፋዋል። በሰዎች ፊት ግን ይስቃል። ፊልሙ በመጣ ጊዜ ደግሞ «ፊልም ላይ አስታዋሽ የለም፤ ከተሳሳትክ ይደግሙልሃል፤ አንተ ቤትህ ተኛና ልብህን አስታም» ብሎት ሄደ። ኢሰር ያን ቀን ማታ ሾርባውን አልጠጣም።

ብራይንዴ ነገሩን የሰማችው በዚያው አመሻሽ ነው። ረብ ጌትስል ምሥጢር ይዞ ማደር የማይችል ሰው ነውና፣ ከጸሎት በኋላ አወጣው። እንግዶቹ እስኪወጡ ታገሠች። ከዚያ ከበርጩማዋ ተነሥታ ኢሰር ፊት ቆመች። 

«የባሌን ዕድሜ ነው የምትተነፍሰው?»

«እኔ አልጠየቅኩትም ብራይንዴ። ጭምብል አፌ ላይ ነበር።»

«በኋላስ? ስትድን አፍ አልነበረህም? ሾርባ ሳቀርብልህ፣ አንተ ዘንቪል ሆነህ ስትጠጣ፣ እሱ ኢሰር ሆኖ ፀሐይ ላይ ሲጨፍር፣ ‹ስሜን መልስልኝ፣ ያንተን ውሰድ› ማለት አቃተህ?»

«ፈራሁ» አለ ኢሰር።

ይህን ያህል ነው ያለው። ብራይንዴ ልትመታው እጇን አነሣች፤ እጇ ግን መንገዱን ስቶ የተቀደደው ሸሚዙ ላይ ዐረፈና ጨርቁን ጨብጦ ቀረ። የምታለቅሰው በባሏ ላይ ይሁን በዋርሳዋ ላይ ለራሷም አልለየላትም። ሲበርድላት እንዲህ አለች፤

«ለዚያ ልጅ ምንም እንዳትለው። እሱ እንዳለው ይጻፍ። ኢሰር ይበል። ያ… ያ ሰውዬም አይቶት ይለፍ።»

«ዘንቪልስ?»

«ዘንቪል ራሱ ነው የፈለገው። አንዱን ቀብሬያለሁ። ሁለተኛውን የምቀብርበት አቅም የለኝም፣ ገባህ? እንቁላሉን ብላ አሁን።»

ኢሰር እንቁላሉን በላ። ውስጡ በደስታ ዘለለ፤ ደስታው ደግሞ አስጠላው። የዘንቪል ትያትሮች የታዩባቸው አዳራሾች ዛሬ የሉም፤ ተቃጥለዋል፣ የሳቁትም ሰዎች አብረው ተቃጥለዋል። ፎቶግራፍ እንኳ የተረፈው ጥቂት ነው። ከዘንቪል ለዚህ ዓለም የሚቀረው ይህ አንድ ፊልም ነው፤ በሱም ላይ ስሙ አይኖርም። ሰው አዳራሽ ገብቶ «ይሄ ኢሰር ላምፔርት የሚባለው እንዴት ያስቃል!» ሊል ነው። ኢሰር ግን በሕይወቱ አንድም ሰው አስቆ አያውቅም፤ ያቺ ማስነጠስ ካልተቆጠረች።

ለቅሶው ሊያበቃ አንድ ቀን ሲቀረው ዮራም መልስ ሊወስድ ተመለሰ። የመጣው ልክ በጸሎት ሰዓት ነበር። ጸሎቱ ያለ ዐሥር ወንድ አይደርስምና፣ ዘጠኝ ተሰብስቦ ዐሥረኛ ይጠበቃል። ረብ ጌትስል ገና ደረጃው ላይ ሳለ ክንዱን ያዘው።

«እኔ እኮ አላምንም» አለ ዮራም።

«ማን እመን አለህ? ቁም ነው ያልኩህ። ለመቆም እምነት አያስፈልግም፣ እግር ይበቃል። ራስህን ሸፍን!»

ኮፍያ ስላልነበረው መሐረቡን አራት ጥግ ቋጥሮ ጫነለት። ኢሰር ተነሥቶ ለወንድሙ የሙታን ጸሎቱን አደረሰ። መሐል ላይ ድምፁ ጠፋበት። ዘጠኙ ዝም ብለው ጠበቁት፤ የሚያቀብለው ግን አልነበረም። የገዛ ትንፋሹን እየሰማ፣ ቃል የሚጠፋበት ሰው ምን እንደሚሰማው በዚያ ዕድሜው ገና ያን ጊዜ ተረዳ። ጥቁር ጉድጓድ ነው። ረብ ጌትስል ዘግይቶም ቢሆን ቃሉን ወረወረለት፤ ጸሎቱም ተፈጸመ።

ሲጨርሱ ዮራም መሐረቡን ከራሱ ላይ እያወረደ በርጩማዋ አጠገብ ቁጢጥ አለ። «ኢሰር» አለው፤ ኢሰር እንደለመደው አልመለሰም። ዮራም ቀጠለ።

«አንድ ነገር ልጠይቅህ። አንተ አብረኸው ነው የኖርከው። ወንድምህ ካሜራ ፊት አንድ አመል ነበረው። ከመናገሩ በፊት ዓይኑን ወደ ታች ይጥላል። ወደ ወለሉ። እዚህ ጋ፣ እግሩ አጠገብ። መጀመሪያ ላይ ‹አትየው፣ ቀና በል› እለው ነበር። ‹እሺ› ይለኛል። ካሜራው ሲነሣ ያው ነው። አንዳንዴ እዚያው አይቶ ይቆያል፤ ምን እንደሚጠብቅ አይገባንም። ቃሉ አልመጣ ሲለው ፊቱ ይለዋወጣል። ያን ያህል ዓመት የተጫወተው ሰው እንደዚያ ይፈራል ብዬ አስቤ አላውቅም ነበር። ቆርጬ ላወጣው ፈልጌ ነበር፤ ግን ፊልሙ ሙሉ እሱ ነው፣ የት የቱን ቆርጬ እዘልቀዋለሁ? ተውኩት። ምን ነበር የሚፈልገው?»

ኢሰር መልስ ሊሰጥ አፉን ከፈተ፤ የወጣው ግን ለቅሶ ነው። ከቀብሩ ጀምሮ ሲፈራ እንጂ ሲያለቅስ አልታየም ነበር። ማላ ብድግ አለች፤ ብራይንዴ በዓይኗ አስቀመጠቻት። ሽማግሌው ፊቱን በሁለት እጁ ሸፍኖ፣ ትከሻው እስኪናወጥ፣ ሰው ይሰማኛል ሳይል አለቀሰ። አስታዋሽ አያስፈልገኝም ብሎ የሄደው ዘንቪል ሲፈልገው ነው የከረመው። እሱ ደግሞ ቤቱ ተኝቶ ልቡን ያስታምም ነበር።

«እኔን ነበር» አለ በመጨረሻ።

ዮራም አልገባውም፤ ቢሆንም ከዚያ ወዲያ አልጠየቀም። ስለ ስሙም ሳያነሣ፣ ስልክ ቁጥሩን ማላ በሰጠችው ቁራጭ ወረቀት ጽፎ ትቶ ወጣ።

በመጨረሻው ቀን ጠዋት ረብ ጌትስል መጥቶ በልማዱ መሠረት «ተነሡ» አላቸው። ኢሰርና ብራይንዴ ከበርጩማቸው ተነሡ፤ ጫማቸውን አደረጉ። ሐዘንተኛ ወደ ዓለም መመለሱን ለማሳየት ወጥቶ ሕንፃዎቹን አንድ ጊዜ ይዞራል። ደረጃውን ሲወርዱ ኢሰር የግድግዳውን መደገፊያ አጥብቆ ይዞ ነበር። ፀሐይዋ ፊቱን ስትመታው ቆመና ግራ ቀኙን አየ። መንገዱ ላይ የሚያስፈራ ነገር አልነበረም። አንዱ በረዶ ይሸጣል፤ አንዷ ምንጣፍ ታራግፋለች።

የዓሣ ሻጩ ሱቅ ጋ ሲደርሱ ኢሰር «ቆዩኝ» ብሎ ገባ። በሰፈሩ ስልክ የነበረው ዓሣ ሻጩ ብቻ ነው። ብራይንዴ በሱቁ የመስኮት መስተዋት በኩል ስታየው መነጋገሪያውን በሁለት እጁ ይዞ ነበር። በሩ ክፍት ስለሆነ ድምፁ ይሰማል።

«አንተ ልጅ፣ ዮራም። ኢሰር ነኝ። … አዎ፣ ኢሰር። እኔ ነኝ ኢሰር። ዘንቪል ብለህ አስጽፍ። ዘንቪል ላምፔርት። … በትልቁ።»

ሲወጣ ብራይንዴ ክንዱን ያዘችው።

«አንተ እብድ» አለችው። «አሁንስ ከመጣ?»

«የፈሩት ይደርሳል ሲሉ አልሰማሽም? ይምጣ። ስሜን ብሎ ከመጣ ቤቴን ያውቀዋል።» እንዲህ አለ እንጂ፣ እስከ አውቶቡስ ማቆሚያው ድረስ ደግፋ ነው ያደረሰችው።

መቃብሩ ከከተማው ወጣ ብሎ ሆሎን ነው፣ አሸዋ ላይ። ድንጋይ ገና አልተተከለበትም፤ የተቆለለ አፈርና ቁጥር የተጻፈባት የቆርቆሮ ምልክት ብቻ ነበር። ረብ ጌትስል መዝሙሩን ደገመ። ብራይንዴ አለቀሰች፣ ባሏን ሰደበችው፣ ይቅርታ ጠየቀችው። ከዚያ ጥላ ፍለጋ ወደ ግንቡ ሲያመሩ ኢሰር አልተከተላቸውም።

«አትመጣም?» አለው ረብ ጌትስል።

«ትንሽ ቆዩኝ።»

ብቻውን ሲሆን ፍርሃቱ መልሶ ያዘው። እዚህ ሜዳ ላይ የሚዘጋ በር የለም። ልቡ ሐኪሞቹ አይሁን ያሉትን አደረገች። ተመልሶ ሊሄድ እግሩን አነሣ። ከዚያ ግን ወንድሙ እዚያ ውስጥ ሆኖ፣ ስምህ ማነው ሲባል፣ ቃሉ ጠፍቶበት ወደ ታች ወደ ታች ሲያይ ታየው። መልስ ሳይሰጥ እስከ አሁን የቆየ ከሆነስ? አስታዋሹን እየጠበቀ ከሆነስ?

ኢሰር በመቃብሩ ግርጌ በኩል ዞረ። በአሮጌ ጉልበቱ አሸዋው ላይ ተንበረከከ፤ ደረቱን ዝቅ አድርጎ ፊቱን ከአፈሩ ጋር አስተካከለ። መዳፉን ከአፉ ጎን አቆመ፤ ሌላ ሰው እንዳይሰማ።

«ዘንቪል» አለ በሹክሹክታ።

ቃሉን ተቀብሎ እስኪናገር ያህል ጠበቀው። አልሰማው እንደሆነ ብሎም፣ ድምፁን ትንሽ ከፍ አድርጎ፣ ደገመለት።